ባቡር ጣቢያ የሚጨናነቀው የት ነው?

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፤

ስለ ባቡር ጣቢያዎች መጨናነቅ በተጻፈ ቁጥር መፍትሔ ተብሎ የሚቀርበው ሕንፃ ማስፋት ነው። አዳራሹ ይስፋ፣ በር ይጨመር፣ ጣሪያው ከፍ ይበል ይባላል። የጣቢያን ሥራ በቅርብ የምናውቅ ሰዎች ግን መጨናነቁ ከአዳራሹ መሃል ሲጀምር አናይም። የሚጀምረው ከቲኬት መፈተሻው በር፣ ከደረጃው ግርጌ፣ ከባቡሩ በር ፊት ለፊትና ሰው አንገቱን አቅንቶ ከሚያነበው ሰሌዳ ሥር ነው። እዚያ ሰውን የሚያቆመው ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ የሚሄድበትን አለማወቁ ነው። የትኛው መሳፈሪያ? ስንተኛው ፉርጎ? በስተቀኝ ነው በስተግራ? ይህን ቀደም ብሎ የተነገረው መንገደኛ አይሮጥም፤ መሃል መንገድ ላይም ተገትሮ አይቀርም። ሕንፃ ከመስፋቱ በፊት መረጃው ይቅደም የምንለው ለዚህ ነው።

ደረጃውን እናስቀድም። አንድ ሜትር ስፋት ያለው ደረጃ፣ ሁሉም ሰው ወደ አንድ አቅጣጫ ቢሄድና ማንም ባይቆም፣ በደቂቃ ከ50 እስከ 60 ሰው ያህል ያሳልፋል። ሁለት ሜትር ስፋት ባለው ደረጃ 400 መንገደኛ ለማሻገር ታዲያ ወደ አራት ደቂቃ ይፈጃል ማለት ነው። ይህ ያለ ሻንጣ ነው። ሻንጣ የያዘ ሰው የሁለት ሰው ቦታ ይይዛል፣ ጥቂት እርከን በወጣ ቁጥርም ዕቃውን አሳርፎ እጅ ይቀይራል። ሕፃን ያዘለች እናት እርከን በእርከን ነው የምትወርደው። ከላይ የሚወርደውና ከታች የሚወጣው ደረጃው ላይ ሲገናኙ ደግሞ አራቱ ደቂቃ በቀላሉ ስምንት ይሆናል። እንግዲህ ባቡሩ ሊነሣ አምስት ደቂቃ ሲቀረው "ከመሳፈሪያ ሦስት ወደ መሳፈሪያ ሰባት ተዛውሯል" የሚል ማስታወቂያ ቢነገር፣ ከመንገደኛው ግማሹ ሊደርስ እንደማይችል ስሌቱ አስቀድሞ ነግሮናል። ሰዉ ስሌቱን በወረቀት ባይሠራውም በደመ ነፍስ ያውቀዋል። የሚሮጠውም ሥርዓት ስለጎደለው አይደለም፤ ቢራመድ እንደሚያመልጠው ስለገባው ነው። መሳፈሪያ መቀየር የግድ ከሆነ ባቡሩ መጠበቅ አለበት፤ እንደሚጠብቅም በዚያው ማስታወቂያ ውስጥ መነገር አለበት። "መንገደኞች በሙሉ ሳይሳፈሩ ባቡሩ አይነሣም" የሚል አንድ ዓረፍተ ነገር ሩጫውን ያበርደዋል።

ይህ የቃላት ጉዳይ ሊመስል ይችላል፤ ሰው ግን ሞቶበታል። እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 15 ቀን 2025 ምሽት በኒው ዴልሂ ጣቢያ በተፈጠረ ግፊያ ቢያንስ 18 ሰዎች ሕይወታቸው አልፏል። ፖሊስ እንደገለጸው ለግርግሩ አንዱ መነሻ የስም መመሳሰል ነበር። "ፕራያግራጅ ኤክስፕረስ" የሚባለው ባቡር በመሳፈሪያ 14 ሲጠበቅ "ፕራያግራጅ ስፔሻል" በመሳፈሪያ 16 እንደሚገባ ተነገረ፤ ባቡራችን ተቀየረ ያለው ሕዝብ ወደ ደረጃው ጎረፈ። ከዚያ ቀደም ብሎ እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 29 ቀን 2017 ደግሞ በሙምባይ፣ በኤልፊንስተን ሮድ ጣቢያ የእግረኛ ድልድይ ላይ 23 ሰዎች አልቀዋል። ዝናብ ሲጥል ብዙ ሰው ከድልድዩና ከደረጃው ላይ ተጠልሎ ነበር፤ ከባቡሮቹ የወረደው ሕዝብ ተጨምሮበት መውጫ አጣ። ደረጃ መጠለያም መጠበቂያም ሊሆን አይገባም የሚባለው ለዚህ ነው። በዝናብ ጊዜ የጣቢያ ሠራተኛ መቆም ያለበት የደረጃው አፍ ላይ ነው፤ ሥራውም ተጠልሎ የቆመውን ሰው ወደ አዳራሹ ማስገባትና ከታች የሚመጣውን ጥቂት ማቆየት ነው።

ስለ ግፊያ ማንኛውም መንገደኛ ሊያውቀው የሚገባ ነገር አለ። በአንድ ካሬ ሜትር አራት ሰው ሲቆም አካሄድ ይዘገያል። ስድስትና ሰባት ሲደርስ ማንም በራሱ ፈቃድ መንቀሳቀሱ ይቀርና ሕዝቡ እንደ ማዕበል ወዲያና ወዲህ ይላል። በዚህ ሁኔታ ሰው የሚሞተው በአብዛኛው ደረቱ ተጨምቆ መተንፈስ ሲያቅተው ነው፤ ሳይወድቅ፣ እንደቆመም ሊሆን ይችላል። ስለዚህ ግፊያ ውስጥ የገባ ሰው ክንዶቹን ከደረቱ ፊት አጥፎ ለሳንባው ክፍተት ይተው። የወደቀ ስልክም ሆነ ጫማ ለማንሣት አይጎንበስ። ግፊቱን ፊት ለፊት አይታገል፤ ጋብ ባለ ቁጥር በሰያፍ ወደ ዳር ይውጣ። ከኋላ ያለው ሰው ከፊት ምን እንደሆነ ስለማያይ መግፋቱን አያውቀውም፤ ከፊት የሆነውን ወደ ኋላ የማስተላለፍ ኃላፊነቱ ከላይ ሆኖ የሚያየው ሠራተኛና ድምፅ ማጉያው ነው።

ድምፅ ማጉያውን ካነሣን ዘንዳ፣ ማስታወቂያ የሚነገርበት ቅደም ተከተል ራሱ ሥራ ያበላሻል። በጫጫታ ውስጥ ያለ ሰው ጆሮውን የሚያቀናው የሚሄድበትን ከተማ ስም ሲሰማ ነው። "ከመሳፈሪያ አምስት" ተብሎ ቁጥሩ ከቀደመና ከተማው በኋላ ከመጣ፣ ሰሚው ስሙን ሲሰማ ቁጥሩ አምልጦታል። ከዚያ በኋላ ያለው ደግሞ የታወቀ ነው፤ ሁሉም እርስ በርሱ ይጠያየቃል፣ ግማሹ ወደ መረጃ መስኮቱ ይሮጣል። የሚሠራው ቅደም ተከተል ይህ ነው፦ አጭር የደወል ድምፅ፣ ከዚያ መድረሻው፣ ከዚያ የመነሻ ሰዓቱ፣ በመጨረሻ የመሳፈሪያው ቁጥር፤ ጥቂት ቆይቶ ያው ማስታወቂያ ቃል ሳይለወጥ ይደገማል። ሲደገም ቃሉ ከተለወጠ ሰው አዲስ ነገር የተነገረ ይመስለዋል። ስማቸው የሚቀራረብ ሁለት ባቡሮች ካሉ የባቡሩ ቁጥርና ሰዓቱ አብሮ ይጠራ፤ ያልተነካው ባቡር እንዳልተነካም ይነገር።

አይሰማም የሚል አቤቱታ ሲመጣ ብዙ ጊዜ የሚደረገው ድምፁን መጨመር ነው። ይህ ነገሩን ያባብሰዋል። ጣሪያው ከፍ ባለ፣ ግድግዳውና ወለሉ መስታወትና እብነ በረድ በሆነ አዳራሽ ውስጥ ድምፅ እየተላተመ ይመለሳል፤ የመጀመሪያው ቃል ገደል ማሚቶ ሳይጠፋ ሁለተኛው ቃል ይደርስበታል። ድምፁ ሲጨመር የሚመለሰውም አብሮ ይጨምራል። መድኃኒቱ ጥቂት ትልልቅ ማጉያዎችን በብዙ ትንንሽ መተካት፣ ወደ ሰው ጆሮ ዝቅ አድርጎ መስቀል፣ ድምፁን መቀነስና ረጋ ብሎ መናገር ነው። ወጪውም አዳራሽ ከማፍረስ ጋር የሚወዳደር አይደለም።

ሰሌዳውም እንዲሁ። ከደረጃው ግርጌ ፊት ለፊት የተሰቀለ ሰሌዳ አንባቢውን እዚያው ግርጌው ላይ ያቆመዋል፤ አንድ ሰው ሲቆም ከኋላው ያሉት ሁሉ ይቆማሉ። ያው ሰሌዳ ከ10 እስከ 15 ሜትር ወደ አዳራሹ ቢገባ፣ ሰው ከመተላለፊያው ወጥቶ ነው የሚያነበው። የመሳፈሪያው ቁጥር ከመነሻ ሰዓቱ ቢያንስ 15 ደቂቃ ቀድሞ ቢወጣ ደግሞ ሕዝቡ በአንድ ጊዜ አይነሣም፤ ቸኳዩ ቀድሞ ይሄዳል፣ ሽማግሌው በራሱ እርምጃ ይደርሳል፣ ደረጃውም ያንኑ 400 ሰው በ4 ደቂቃ ሳይሆን በ15 ደቂቃ ያስተናግዳል። የፉርጎዎቹ ቅደም ተከተልም አብሮ መታየት አለበት። ቲኬቱ ላይ "ፉርጎ 9" የተጻፈለት ሰው ፉርጎ 9 ከፊት ይሁን ከኋላ ካላወቀ መሃል ላይ ቆሞ ይጠብቃል፤ ባቡሩ ሲገባ ግማሹ ወደ ፊት ግማሹ ወደ ኋላ ሻንጣ እየጎተተ ይጋጫል።

አሁን ወደ ባቡሩ በር። ብዙ ሰው የማያስተውለው ነገር፣ ባቡር የሚነሣው የመጨረሻው በር ሲዘጋ መሆኑን ነው። ስምንት ፉርጎና 16 በር ባለው ባቡር 400 ሰው ሊሳፈር ነው እንበል። በሁሉም በሮች እኩል ቢከፋፈል ለአንድ በር 25 ሰው ይደርሰዋል፤ ለአንድ ሰው ሁለት ሰከንድ ብንይዝ በ50 ሰከንድ ያልቃል። ደረጃው ከመሳፈሪያው አንድ ጫፍ ላይ ከሆነና 100 ሰው ከአጠገቡ ባለው በር ለመግባት ከተሰበሰበ ግን ያ በር ብቻውን 200 ሰከንድ ይወስዳል። የቀሩት 15 በሮች ሥራ ፈትተው ባቡሩ ከሦስት ደቂቃ በላይ ይቆማል። ባቡር በየሦስት ደቂቃው በሚመጣበት መስመር የሚከተለው ባቡር ከጣቢያው ውጪ ቀይ መብራት ላይ ቆሞ ይጠብቃል። ቀጣዩ ጣቢያ ላይ ደግሞ በእነዚያ ደቂቃዎች ተጨማሪ ሰው ተሰብስቧል፤ እዚያም መሳፈሩ ይረዝማል። ጠዋት አንድ በር ላይ የጠፋ ደቂቃ እኩለ ቀን ድረስ ሳይካካስ የሚቀረው በዚህ ምክንያት ነው። ስለዚህ ከደረጃው አጠገብ የሚቆመው ሠራተኛ "ወደ ፊት ሂዱ" ከሚል "ከአምስተኛው ፉርጎ ጀምሮ ወንበር አለ" ቢል ይሻላል። ሰው ለምን እንደሚሄድ ካላወቀ አይንቀሳቀስም።

ወራጅ ይቅደም የሚባለውም የጨዋነት ጉዳይ ብቻ አይደለም። 1.3 ሜትር ስፋት ያለው በር በሁለት ሰልፍ የሚያሳልፈው ሁሉም ወደ አንድ አቅጣጫ ሲሄድ ነው። ገቢና ወጪ ከተደባለቀ አንድ ሰልፍ ይሆናል፣ እሱም እየተቆራረጠ። ተሳፋሪ ከበሩ ግራና ቀኝ ቆሞ መሃሉን ለወራጅ ከተወ ሁለቱም ወገን ቶሎ ይጨርሳል። ወለል ላይ የሚቀባ ምልክት በዚህ ይረዳል፤ ግን ባቡሩ ሁልጊዜ ምልክቱ ላይ የሚቆም ከሆነ ብቻ ነው። አንድ ሜትር ተኩል አልፎ ከቆመ ተሰላፊው በሙሉ ተበትኖ እንደገና ይጋፋል፤ ሁለት ሦስት ጊዜ እንዲህ ከሆነ ማንም ምልክቱን አያምነውም። በቶኪዮ ጣቢያ የፈጣን ባቡሮች ጽዳት በ7 ደቂቃ የሚያልቀው የጠራጊዎቹ ትጋት እንዳለ ሆኖ፣ ከዚያ በፊት መውረዱ በ2 ደቂቃ፣ ከዚያ በኋላ መሳፈሩ በ3 ደቂቃ ስለሚያልቅም ነው። በድምሩ 12 ደቂቃ፤ ያለ ሰልፍ የማይታሰብ ነገር።

በሩ ሊዘጋ ሲል እጅ ወይም ቦርሳ ማስገባት በብርቱ ሊወገዝ ይገባል። ባቡሩ እንዲንቀሳቀስ ሁሉም በር መዘጋቱን የሚያረጋግጥ የኤሌክትሪክ ዑደት መሟላት አለበት፤ አንድ በር ካልተዘጋ ሞተሩ ኃይል አያገኝም። በሩ የሚያስተውለው ወፈር ያለውን ነገር ነው፤ የቦርሳ ማንገቻ፣ የነጠላ ጫፍ ወይም የልጅ ጣት የመሰለ ቀጭን ነገር ሳይታወቅ ሊያዝ ይችላል፤ ያኔ ባቡሩ ሰውን ይዞ ይነሣል። ልብስ ወይም ማንገቻ ከተያዘ ዕቃውን ለቆ መራቅና መጮህ እንጂ መጎተት አይገባም።

ሌላው ትልቅ ጉዳይ የመሳፈሪያው ጠርዝ ነው። በእግር ሲረገጥ የሚታወቀው ቢጫ ንጣፍ ለጌጥ የተሠራ አይደለም። ጃፓናዊው ሴይቺ ሚያኬ እ.ኤ.አ. በ1965 ለዓይነ ስውራን ያዘጋጀው ሲሆን መጀመሪያ የተነጠፈው በ1967 በኦካያማ ከተማ ነው። ረጃጅም መስመር ያለው ንጣፍ "በዚህ ሂድ" ይላል፤ ክብ ጉብታ ያለው "ቁም፣ ፊትህ አደጋ ወይም መታጠፊያ አለ" ይላል። ሻንጣ በላዩ ሲቀመጥ፣ ሱቅ በደረቴ ዕቃውን ሲዘረጋበት ወይም ሰው ተሰልፎ ሲቆምበት በበትር የሚመራው መንገደኛ ዞር ለማለት ይገደዳል፤ ዞር የሚልበት አንዱ ወገን ሐዲዱ ነው። ይህን እያዩ ዝም ማለት አይገባም፤ ሻንጣውን አንሡልን ማለት የማንኛችንም ድርሻ ነው።

የሕፃን ጋሪና ተሽከርካሪ ወንበርም ጥንቃቄ ይሻሉ። ዝናቡ እንዲወርድ ሲባል ብዙ መሳፈሪያዎች በዓይን በማይታይ መጠን ያዘነብላሉ፤ አንዳንዶቹ ወደ ሐዲዱ ነው የሚያዘነብሉት። ሳይቆም የሚያልፍ ፈጣን ባቡር የሚፈጥረው ነፋስም ባዶ ጋሪን ይስባል። ስለዚህ ጋሪው ከሐዲዱ ጋር ጎን ለጎን እንዲሆን ተደርጎ ይቁም፣ ፍሬኑ ይያዝ፣ እጅም አይለየው።

ስልክ ወይም ቦርሳ ሐዲድ ላይ ከወደቀ መውረድ ፈጽሞ አይገባም። በፍጥነት የሚመጣ ባቡር ፍሬን ተይዞም ለመቆም ብዙ መቶ ሜትር ይፈልጋል። ኃይሉን ከጎን ከተዘረጋ ሦስተኛ ሐዲድ በሚያገኝ መስመር ላይ ደግሞ ያ ሐዲድ ብዙውን ጊዜ ከ600 እስከ 750 ቮልት ይሸከማል። በብዙ ዋና መስመሮች ከላይ የተዘረጋው ሽቦ 25,000 ቮልት ነው፤ ይህ ሳይነኩት ዘሎ ሊይዝ ስለሚችል ረጅም ብረት፣ ዣንጥላ ወይም የሚያብረቀርቅ ፊኛ ከፍ አድርጎ መያዝ አደገኛ ነው። ለሠራተኛ መናገር ነው፤ ጣቢያዎች ለዚህ የተሠራ ረጅም መያዣ አላቸው፣ ወይም መስመሩን አስቁመው ያወጡታል። ሰው ከወደቀ ግን ተከትሎ ሳይዘሉ መሳፈሪያው ላይ ያለውን የአደጋ ጊዜ ማቆሚያ መጫን፣ ከሌለ ባቡሩ ወደሚመጣበት አቅጣጫ ሆኖ ሁለቱን እጅ ከፍ አድርጎ በኃይል ማወዛወዝ ይገባል።

ስለ መፈተሻው በር ብዙ ማለት አያስፈልግም፤ ቲኬቱን በሩ ላይ ደርሶ ከቦርሳ መፈለግ የሚያስከትለውን ሁሉም ያውቃል። መሣሪያው ግን ድርሻ አለው። በጃፓን ሱዊካ የተባለው፣ በሩ ላይ እየተነካ የጉዞ ሂሳብ የሚከፈልበት ካርድ እ.ኤ.አ. በ2001 ሥራ ከመጀመሩ በፊት ሲሞከር ሰዎች ካርዱን የትና እንዴት እንደሚያስነኩ ግራ ይገባቸው ነበር። ማንበቢያው በ13.5 ዲግሪ ወደ መንገደኛው እንዲያዘነብልና እንዲበራ ሲደረግ እጃቸው ራሱ ቦታውን አገኘው። ከተንቀሳቃሽ ደረጃ ሲወርዱ ቆሞ አካባቢን መቃኘት ደግሞ ከተራው ደረጃ የባሰ ነው፤ ከኋላ ያለው ሰው ቢፈልግም መቆም አይችልም፣ ማሽኑ በየሰከንዱ ቢያንስ አንድ ሰው ያመጣል። በለንደን ሆልቦርን ጣቢያ እ.ኤ.አ. በ2015 መጨረሻ በተደረገ ሙከራ፣ በረጅሙ ተንቀሳቃሽ ደረጃ ላይ ግራውን ለሚራመድ ከመተው በሁለቱም በኩል መቆም በተጨናነቀ ሰዓት ወደ 30 በመቶ የሚጠጋ ተጨማሪ ሰው አሳልፏል፤ ያን ያህል ከፍታ በእግሩ የሚወጣ ሰው ጥቂት ስለሆነ ግማሹ ቦታ ባዶውን ይሄድ ነበር።

የመነሻ ሰዓትም ሰውን ያሳስታል። ሰሌዳው ላይ የሚጻፈው ባቡሩ የሚንቀሳቀስበት ሰዓት ነው፤ በሩ የሚዘጋው ከዚያ በፊት ነው። በፈረንሳይ የረጅም ርቀት ባቡሮች በር 2 ደቂቃ ቀድሞ ይዘጋል። በኒውዮርክ ግራንድ ሴንትራል በተቃራኒው ባቡሮች ከተጻፈው አንድ ደቂቃ ዘግይተው ነው የሚነሡት። ልምዱ የትኛውም ይሁን፣ በሩ የሚዘጋበት ሰዓት ቲኬቱ ላይና ሰሌዳው ላይ ካልተጻፈ መንገደኛው በተዘጋ በር ፊት ቆሞ የማይነሣ ባቡር እያየ ሠራተኛውን መስደቡ አይቀርም። ይህ በአንድ መስመር ጽሑፍ የሚቀር ጠብ ነው።

ዝግጅት ክፍሉን የምንጠይቀው አንድ ነገር አለ። ስለ ጣቢያ በምትዘግቡበት ጊዜ ዘጋቢያችሁ ከአዳራሹ ፎቶግራፍ በተጨማሪ ሰዓት ይዞ ይሂድ። ሰው በሚበዛበት ሰዓት ከደረጃው ግርጌ ዳር ቆሞ በአንድ ደቂቃ ስንት ሰው እንደሚያልፍ ይቁጠር፤ የደረጃውንም ስፋት በሜትር ይለካ። የመሳፈሪያ ቁጥር ከመነሻው ስንት ደቂቃ ቀድሞ እንደወጣ በአምስት ባቡሮች ላይ ይመዝግብ። ከዚያ መሳፈሪያው ላይ ሆኖ የትኛው በር መጨረሻ እንደሚዘጋ፣ በዚያ ሰዓት ሌሎቹ በሮች ምን ያህል ጊዜ ባዶ እንደቆሙ ይጻፍ። እነዚህን ቁጥሮች ለጣቢያው ኃላፊዎች አቅርቦ መልሳቸውን ከቁጥሮቹ ጎን ያትም።

ከአክብሮት ጋር